ሚስኪኑ ሀገሩ እስኪገባ

እትዬ ዘሀራ አልሞተችም። ይሄን አስቀድሜ ልናገር፤ ስለሷ ማውራት ስጀምር የሰማኝ ሁሉ ፊቱን አጨፍግጎ «አላህ ይዘንላት» ይለኛል። ምን ሆናችኋል? ሰው ከሪያድ የሚወጣው በሳጥን ብቻ ነው እንዴ? በእግሯ ነው የወጣችው፤ ያውም ሁለት ሻንጣና በገመድ የታሰሩ አራት ብርድ ልብሶች ይዛ፣ ከኤርፖርቱ ሚዛን ጋር ተጣልታ። አሁን ደጋን ናት፤ ከኮምቦልቻ ወደ ባቲ ሲሄዱ፣ ራሷ ባሠራችው ባለ ሁለት ክፍል ቤት። ከሄደች አራት ወር ሞላት። እኔ ግን እስከ ዛሬ ከዐስር ሶላት በኋላ ሳሎን ስገባ፣ ከሶፋው ሥር እግሯን ዘርግታ የምትቀመጥበትን የምንጣፍ ጥግ ዞሬው ነው የማልፈው። ማንም የለበትም። ዞሬው ነው የማልፈው።

ሪያድ፣ ሱወይዲ ሰፈር ወዳለው ቤት ስገባ ሃያ ሁለት ዓመቴ ነበር። አስራ ሁለተኛ ጨርሼ ውጤት አልመጣልኝም። ነገር በሆዴ አያድርም፣ እግሬም አንድ ቦታ አይረጋም። እሷ እዚያ ቤት ሃያ አንድ ዓመት ሠርታ፣ ጉልበቷ ደረጃ አልወጣ ሲላት ነው እኔ የተጨመርኩት። የመጀመሪያ ቀን፣ ታላቅ ናት ብዬ «እርስዎ» ስላት መወልወያዋን ባልዲው ውስጥ ጣለችው።

«ማንን ነው እርስዎ የምትዪው?»

«እርስዎን ነዋ፣ እትዬ።»

«እትዬዋ ትበቃኛለች። አንድ ሽንት ቤት ለሁለት የምናጥብ ሰዎች ነን፣ ምን እርስዎ ያባብለናል? አንቺ በዪኝ።»

አጭር ናት፣ ደልደል ያለች። የፊት ጥርሷ አንዱ ወርቅ ነው፤ ስትስቅ በእጇ ትሸፍነዋለች፣ ስትቆጣ ግን ታሳየዋለች። ሂና ከጣቷ ጠፍቶ አያውቅም። አንድ ሕግ ነበራት፤ ሲነጋ ሲመሽ ትደጋግመዋለች፦ «ያየሽውን ተናገሪ፤ ያላየሽውን ላየው ተዪ።»

መጀመሪያ የሽማግሌ ወሬ መስሎኝ ነበር። በሁለተኛው ወር የማዳምን አዲስ አባያ በካውያ አቃጠልኩት። ማዳም ጨርቁን አንጠልጥላ ወጥ ቤት ድረስ መጣች።

«ማነው ይሄን ያደረገው?»

እትዬ ዘሀራ ሽንኩርት ትከትፍ ነበር። ቀና አለችና «ጭሱን አይቻለሁ፤ እጁን አላየሁም» አለች። እውነቷን ነው፤ ጀርባዋን ሰጥታኝ ነበር። ማዳም ዞር ልትል ስትል እኔ «እኔ ነኝ!» አልኩ። ነገር በሆዴ አያድርም ብያችሁ የለ። ስድቡን ጠጥቼ ማዳም ከወጣች በኋላ እትዬ ዘሀራ ቢላዋዋን አስቀመጠች።

«እኔ አልጠቆምኩብሽም። ምን አስለፈለፈሽ?»

«እውነቱን ነዋ።»

«እውነት በስሙ ሲጠሩት ይመጣል እንጂ እንደ ፌንጣ አይዘልም፣ ልጄ።»

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልግባ።

ማማ ሙዲ የምንላት የቤቱ አሮጊት፣ የአሠሪያችን የባባ ፈህድ እናት ናት። ዓይኗ ብርሃንና ጥላ ይለያል እንጂ ሰው አይለይም። ገና በልጅነቷ ስትዳር ባሏ በምሥራቅ በኩል፣ ባሕሩ ዳር፣ አንድ የነዳጅ ኩባንያ ውስጥ ይሠራ ነበር። በፈረንጆቹ ስልሳዎቹ ዓመታት መሆኑ ነው። ቴሌቪዥን ብርቅ ነው። ኩባንያው ግን ለሠራተኞቹ ከባሕር ማዶ የመጡ ተከታታይ ፊልሞች ያሳይ ነበር፤ ጥቁርና ነጭ፣ አንዱን ቀን የሰላይ፣ አንዱን ቀን የቀልድ። እሷ ቋንቋው አይገባትም፤ ባሏ አቡ ፈህድ አጠገቧ ተቀምጦ ይተረጉምላታል። ባሏ ሞተ፣ ዓይኗም ደከመ፣ ከዚያ ሁሉ ዘመን የቀራት ናፍቆት ያ ብቻ ሆነ። የልጅ ልጇ ሪም እነዚያኑ ፊልሞች ከኢንተርኔት ፈልጋ ሳሎን ያለው ትልቁ ስክሪን ላይ ጫነችላት። የዐረብኛ ጽሑፍ እንኳ የለውም። ሪም እንግሊዝኛን እንደ ውሃ ትጠጣዋለች፣ ከአያቷ ጋር ለመቀመጥ ግን ጊዜ የላትም። ስለዚህ ተርጓሚዋ እትዬ ዘሀራ ሆነች።

እትዬ ዘሀራ የምታውቀው እንግሊዝኛ «ኦኬ» እና «ባይ» ነው።

በየቀኑ ከዐስር በኋላ እጇን ትታጠባለች፣ አፏን ትጉመጠመጣለች፣ ሻሿን ትቀይራለች። ለምስክርነት እንደሚቀርብ ሰው ነበር የምትሆነው። ከማማ ሙዲ እግር ሥር ትቀመጥና ሪሞቱን ትጫናለች። የሰላዩ ፊልም ላይ አንድ ረጅም ሰው አለ፤ ኮቱ ረጅም፣ ሻንጣው ከእጁ የማይወርድ። እትዬ ዘሀራ «ሚስኪኑ» ነው የምትለው፤ ቃሉ በሁለቱም ቋንቋ ያው ነው።

«የት ደረሰ?» ትላለች ማማ ሙዲ።

«ኤርፖርት ነው፣ ማማ። ያ መላጣ አሠሪው፣ ከፊሉ፣ ጋዜጣ መሸጫው ጋ ቆሞ ይጠብቀዋል።»

«ፓስፖርቱን ሰጠው?»

«ሰጠው። የራሱን ግን አይደለም፤ ፎቶው ላይ ጺም አለው።»

«ያ ሌባ! ሴትዮዋስ መጣች?»

«መጥታለች። ደላላ ናት።»

«በምን አወቅሽ?»

«አሳሳቋ ነዋ። እንዲህ የሚስቀው ደላላ ብቻ ነው።»

ገባችሁ አይደል? ሰውየው ይሸሻል፤ ፖሊስ ይከተለዋል፤ በሰው ስም ይጓዛል፤ አለቃው ወረቀቱን ይዞበታል፤ በስልክ ያዘዋል፤ ሆቴል ሲገባ መስኮቱን ሳይመለከት አይተኛም። ሪያድ ሃያ አንድ ዓመት የኖረች ሴት ይሄን አይታ ምን ትበል? ኢቃማ የሚሉት የመኖሪያ ፈቃድ የሌለው፣ ሀገሩ ሊገባ የሚጣጣር ስደተኛ ነዋ! ለእሷ ከዚህ የበለጠ የተፈታ ነገር አልነበረም።

የቀልዱ ፊልም ደግሞ ሌላ ጉድ ነው። ባልየው ከአማቱ ለማምለጥ ቁም ሳጥን ውስጥ ይደበቃል፣ በተናገረ ቁጥር የማይታይ ሕዝብ ይስቃል። ማማ ሙዲ «ማነው የሚስቀው?» ስትላት እትዬ ዘሀራ ሳታመነታ «ጎረቤት ነው። ግድግዳው ስስ ነው» አለቻት። ማማ ሙዲም ራሷን ነቀነቀች። «እውነት ነው፤ አሮጌው ሰፈር ዲራ የነበረው የጭቃ ቤታችንም እንዲሁ ነበር። አቡ ፈህድ ካስነጠሰ ከግድግዳው ወዲያ ነው የርሐሙከላህ የሚባለው።»

እኔ በሩ ላይ ቆሜ ከንፈሬን ነክሼ ነበር። የቻልኩት ግን አንድ ሳምንት ብቻ ነው። ወጥ ቤት ሰሃን ስናጥብ ዘለለብኝ ፌንጣው።

«እትዬ ዘሀራ፣ ሰውየው እኮ ሰላይ ነው።»

«ማን አለሽ?»

«እንግሊዝኛው ነዋ! ራሱ ሲናገር ሰማሁት።»

«ለማን ነው የሚሰልለው?»

«ለመንግሥቱ።»

«ታዲያ መንግሥት ያለው ሰው ለምን ይሸሻል? ለምን በሰው ፓስፖርት ይሄዳል? ይሄን ሁሉ ጊዜ ሲሠራ አንድ ቀን እናቱ ጋ ሲደውል አይተሽዋል?»

የታጠበውን ሰሃን እንደገና ማጠብ ጀመርኩ።

«ሰላይም ቢሆን» አለች ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ «ሀገሩ መግባቱ አይቀርም አይደል?»

ያኔ ነው ነገሩን ያወቅሁት። እኔ ከመምጣቴ ሁለት ዓመት ቀድሞ እትዬ ዘሀራ ኹሩጅ ጠይቃ ነበር፤ ጠቅልሎ መውጫውን ማለት ነው። ጉልበቴ ከዳኝ፣ ልጄ ናፈቀችኝ፣ ደጋን ቤቴ ጣራው ወጥቶለት ተቆልፎ ይጠብቀኛል ብላ። ማማ ሙዲ አለቀሰች። ከዚያ እጇን ያዘችና «ወላሂ፣ ሚስኪኑ ሀገሩ ሳይገባ አንቺም አትገቢም። እሱ የገባ ሳምንት ግን ትሄጃለሽ» አለቻት። እትዬ ዘሀራ ደስ ብሏት ተቀበለች። ሻንጣው ከእጁ ወርዶ የማያውቅ ሰው ዛሬ ነገ መግባቱ ነው ብላ! ማማ ሙዲ ደግሞ የወደደችውን ክፍል አምስት ጊዜ ታስደግማለች። ሰውየው እንደ ኤሊ ነበር የሚሄደው።

ስልኬን አውጥቼ ፈለግሁ። እንግሊዝኛዬ ለዚያ አላነሰኝም። ፊልሙ መጨረሻ የለውም። ተመልካች አነሰው፣ ተቋረጠ፣ ቀረ። ሰውየው ሀገሩ አይገባም፤ በየክፍሉ ሌላ ሀገር ይላካል እንጂ የእናቱ ቤት የሚባል ነገር አንድም ቦታ የለም። ይሄንንም እንደወረደ ነገርኳት። የተገለበጠ ባልዲ ላይ ቁጭ አለች።

«ስንት ክፍል ይቀረዋል?»

«አስራ ስምንት።»

«በአስራ ስምንቱ ውስጥ አይገባም?»

«አይገባም። ስለዚህ ነገ ቁጭ በዪና ገባ በያት፤ እናቱ በር ላይ ቆማ ሳመችው በያት። ዓይኗ አያይ!»

ሳሙና የነካ እጇን አነሳች። ወርቅ ጥርሷ ታየኝ።

«ዓይኗ ስላላየ ነው እኮ! ዓይኗን እኔ ጋ ነው ያስቀመጠችው። አማና ነው፣ አደራ። የሰው ዓይን ይዤ ልዋሽበት?»

«እስካሁን የምትነግሪያት ታዲያ ምንድን ነው?»

«ያየሁትን።»

ከዚያ ወዲያ ስለ ነገሩ ከእኔ ጋር አላወራችም። በየቀኑ እጇን ታጥባ ትቀመጣለች፣ ሚስኪኑ ከአንዱ ከተማ ወደ አንዱ ይሸሻል፣ የቀረው ክፍል ይቀንሳል። አስራ ሁለት። ዘጠኝ። አንድ ቤት ደጃፍ ሲቆም ድምጿ ይቀየራል። «በር አንኳኳ ማማ... ከፈቱለት... አይ፣ ሆቴል ነው።» እኔ ከኋላ ቆሜ ጥፍሬን እበላለሁ። እሷ ብትሄድ ሁለቱም ፎቅ በእኔ ጫንቃ ላይ እንደሚወድቅ አውቃለሁ፤ ቢሆንም ያንን «አይ፣ ሆቴል ነው» መስማት አልቻልኩም።

አምስት ክፍል ሲቀር እትዬ ዘሀራ ለጉልበቷ ክሊኒክ ተወሰደች። ከዐስር በኋላ እኔ ማማ ሙዲ ጋ ገባሁ። ምንጣፉ ላይ ሳይሆን ወንበር ላይ ተቀመጥኩ፤ እጄንም አልታጠብኩም።

«ዛሬ እኔ ነኝ ማማ። እንግሊዝኛ ተምሬያለሁ።»

«ማሻአላህ። የት ደረሰ?»

አንድም ቃል ሳልጥል ተረጎምኩላት። ከሚኒስቴሩ ፋይል ጠፍቷል፤ የወሰደው የኤምባሲው ጸሐፊ ነው፤ ጸሐፊው ባቡር ላይ ነው። ዐሥር ደቂቃ ታገሠችኝ።

«ፋይሉ ምን ያደርግለታል?»

«ለአለቃው ይሰጠዋል።»

«ከዚያስ?»

«ከዚያ ሌላ ፋይል።»

«ሀገሩስ መቼ ነው የሚገባው?»

በስሙ ተጠራ። እውነት ይሄኔ ካልመጣ መቼ ይመጣል?

«አይገባም ማማ። ፊልሙ መጨረሻ የለውም፤ ተቋርጦ ነው የቀረው። እትዬ ዘሀራ ታውቃለች። ገባ ብዬ አልዋሽም ብላ ነው ዝም ያለችው። ቤቷ ደጋን ተቆልፎ ይጠብቃታል።»

«ዝጊው።»

ዘጋሁት። የሙስበሃዋን ዶቃ መቁጠር ጀመረች። አሁን ዕቃዬን ጠቅልዪ ትለኛለች ብዬ ጠበቅሁ።

«ገብቷል» አለች። «አቡ ፈህድ ነግሮኛል። እናቱ በር ላይ ቆማ ነበር የጠበቀችው።»

«ማማ፣ አንቺ አይተሻል?» ስላት የራሴ ሳይሆን የእትዬ ዘሀራ ድምፅ ነው ከአፌ የወጣው።

«አላየሁም። ከባሕሩ ዳር ለቅቀን ወደ ሪያድ ስንመጣ ፊልሙ አላለቀም ነበር። ሰውየው መንገድ ላይ ቀረ ብዬ መኪና ውስጥ አለቀስኩ፤ ልጅ ነበርኩ። አቡ ፈህድም፣ ባለፈው ሳምንት ገብቷል እኮ፣ አንቺ እንቅልፍ ወስዶሽ ነው አለኝ።» ዶቃው ቆመ። «እኔ ፊልሙ ላይ አንድም ቀን ተኝቼ አላውቅም።»

ትከሻዋ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ታማ መስሎኝ ተነሳሁ፤ ለካ እየሳቀች ነው። ዕንባዋ ጉንጯ ላይ እስኪወርድ ሳቀች።

«ዕድሜ ልኬን! ያ ሰው ዕድሜ ልኬን ሸወደኝ! አላህ ይዘንለት!» በሻሿ ጫፍ ዓይኗን ጠረገች። «ዘሀራ ግን መዋሸቱን እምቢ አለች፣ አይደል? ለራሷ መሄጃ እንኳ?»

«እምቢ አለች።»

«ታዲያ መሐላዬን ምን አደርገዋለሁ? ወላሂ ብያለሁ። ወላሂ ጨዋታ አይደለም» አለችና ለራሷ መልስ ሰጠች፦ «ከፋራ አለው፣ ማካካሻ። አስር ሚስኪን ማብላት።»

በማግስቱ ጠዋት እትዬ ዘሀራ የአስር ሰው ከብሳ እንድትሠራ ታዘዘች፤ ሩዙና በጉ ጀራዲያ ሰፈር ለሚኖሩት የእኛው ልጆች፣ ሥራ ሲገኝ ለሚሠሩት ሲጠፋ ለሚጾሙት፣ በሹፌር ይላካል ተባለ። ማማ ሙዲ ግድግዳ እየዳሰሰች ወጥ ቤት ድረስ መጣች። እኔ ከገባሁ ወዲህ ወጥ ቤት ስትመጣ ያንን ቀን ብቻ ነው ያየሁት።

«የምን ሰደቃ ነው፣ ማማ?» አለቻት እትዬ ዘሀራ።

«የመሐላ ማፍረሻ ነው።»

«አንቺ መሐላ አታፈርሺም። ምን ምለሽ ነበር?»

«ሚስኪኑ ሀገሩ ሳይገባ ዘሀራ አትገባም ብዬ።»

እትዬ ዘሀራ ጨው ይዛ ነበር። ድስቱ ውስጥ ጨመረችው። እንደገና አፍሳ ጨመረችው። ከዚያ ወደ እኔ ዞረች፤ ወርቅ ጥርሷን ልታሳየኝ ነው ብዬ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አልኩ። አፏን ግን በእጇ ሸፈነች። ከሰዓት የጀራዲያ ልጆች ደወሉ፦ «እህቴ፣ አላህ ይስጥልን። ጨው ግን በዝቶበታል፣ ውሃም አብራችሁ ላኩ።»

ባባ ፈህድ ትንሽ አንገራገረ። «ዘሀራ ከሄደች ማን ይሆንሻል፣ ዩማ?» አላት እናቱን። «አንተ» አለችው። ኸላስ፣ አለቀ። ወረቀቱ በሦስተኛው ሳምንት ወጣ።

እትዬ ዘሀራ ግን የጀመረችውን ሳትጨርስ አልሄደችም። የመጨረሻውን ክፍል እሷ ልትሄድ ሁለት ቀን ሲቀር አዩት። እኔም ምንጣፉ ላይ ተቀመጥኩ፤ እጄን ታጥቤ።

«ኤርፖርት ነው፣ ማማ። ሻንጣውን ይዟል። መላጣው ከፊሉ የለም። ዛሬ ማንም አልተከተለውም... ደረጃውን ወጣ... ዞሮ አየ... አውሮፕላኑ ውስጥ ገባ። በሩ ተዘጋ።»

ሙዚቃው መጣ፣ ስሞች መውረድ ጀመሩ።

«ከዚያስ?» አለች ማማ ሙዲ።

«ከዚያ ያለውን አላየሁም።»

እውነት ነው፤ አላየችም። ማማ ሙዲ እጇን ዘርግታ የእትዬ ዘሀራን ራስ ዳሰሰች፣ ሻሿን አስተካከለችላት።

«እንግዲያው ሂጂና እይልኝ።»

አሁን በየቀኑ ከዐስር በኋላ የሚከፈተው ስክሪኑ ሳይሆን የእኔ ስልክ ነው። እትዬ ዘሀራ ከደጋን በዚያው በተሰባበረ ዐረብኛዋ ድምፅ ትልካለች። እኔ እጄን ታጥቤ፣ ከማማ ሙዲ ጆሮ አጠገብ ስልኩን እይዛለሁ። ፍየል ገዝታለች፤ ፍየሏ ሌባ ናት። ጉልበቷ እንደ ድሮው ነው፣ አልተሻላትም፤ አልተሻለኝም ብላ ነው የምትልከው። ማማ ሙዲ ግን ስለ ሌላው ሁሉ ሰምታ ስታበቃ ያንን የመጀመሪያውን ድምፅ አስደግሚልኝ ትለኛለች። አስደግምላታለሁ። ስንት ጊዜ እንደሆነ አላውቅም፣ በቃሌ ይዤዋለሁ፦

«ማማ፣ ገባሁ። በር ላይ ቆሞ የጠበቀኝ የለም፤ ልጄ ገበያ ሄዳ ነበር። ያየሁትን ነው የምነግርሽ። ቁልፉን ጎረቤት ሰጠችኝ፤ በሩ ዝጓል፣ በትከሻዬ ገፍቼ ብርድ ልብሱን እንደተሸከምኩ በግንባሬ ወደቅሁ።»

እዚያ ላይ፣ ከድምጿ ወዲያ፣ ብዙ ሰው ሲስቅ ይሰማል። እሷም አብራ ትስቃለች። አፏን ሸፍና እንደሆነ ከድምጿ አውቃለሁ፤ ግን አላየሁም።

«ማነው የሚስቀው?» ትለኛለች ማማ ሙዲ፣ ሁልጊዜ፣ እያወቀች።

«ጎረቤት ነው፣ ማማ» እላታለሁ። «ግድግዳው ስስ ነው።»